ጠላት የከመረው ኮረብታ፤ በቶልኪን «ሲልማሪሊዮን» ውስጥ ስላለው የእንባ ጉብታ የቀረበ ኂስ

በዚህ አጭር ጽሑፍ ልንመረምረው ያሰብነው ሐውልት በምድር ላይ የለም። መሠረቱን የጣለ ግንበኛ፥ ድንጋዩን የጠረበ ቀራጭ፥ ወጪውን የከፈለ መንግሥት የለውም፤ በአንድ ደራሲ ሐሳብ ተፀንሶ በወረቀት ላይ ብቻ የቆመ ነው። እንዲህ ያለውን ነገር ለምርምር መጽሔት ማቅረባችን ለአንዳንድ አንባቢ ጨዋታ ሊመስለው ይችል ይሆናል። እኛ ግን እንደዚያ አላየነውም። ብዙ ሕዝብ በአንድነት የሚያዝንበት ሥፍራ ምን ዓይነት መሆን ይገባዋል የሚለው ጥያቄ በእውነተኛ ሐውልት ላይ ሲነሣ፥ ወዲያው የቦታው፥ የገንዘቡና የባለሥልጣኑ ጉዳይ ይገባበትና ይደፈርሳል። በልብ ወለድ ውስጥ የቆመ ሐውልት ግን የደራሲው ፍርድ ብቻ ስለ ሆነ ጥያቄው ጠርቶ ይታያል፤ ጉድለት ቢገኝበትም ጉድለቱ የደራሲው ብቻ ነው።

ሐውልቱ የሚገኘው ጆን ሮናልድ ሩኤል ቶልኪን የተባለው እንግሊዛዊ ደራሲ በጻፈው «ሲልማሪሊዮን» በተባለው መጽሐፍ ውስጥ ነው። ቶልኪን እ.ኤ.አ. በ1892 በደቡብ አፍሪካ በብሉምፎንቴን ተወለደ፤ በኦክስፎርድ ዩኒቨርሲቲ የጥንታዊ እንግሊዝኛ መምህር ሆኖ ብዙ ዘመን ከኖረ በኋላ በ1973 ዐረፈ። ይኸው መጽሐፍ የታተመው ደራሲው ካለፈ በኋላ፥ ልጁ ክሪስቶፈር ረቂቆቹን አሰናድቶ፥ በ1977 ነው። ስለዚህ እያንዳንዱን ቃል የደራሲው የመጨረሻ ፈቃድ ነው ብለን ለመከራከር አንደፍርም። ዳሩ ግን ስለ ጉብታው የሚናገረው ክፍል ከጥቂት መሥመር የማይበልጥ ሆኖ ሳለ፥ ካነበብነው በኋላ ከሁሉ ይልቅ በልባችን የቀረው እርሱ ነው።

ለማያውቀው አንባቢ ታሪኩን ባጭሩ እንናገር። ቤሌሪያንድ በተባለችው አገር ኤልፎች የሚባሉ፥ በእርጅና የማይሞቱ፥ በሰይፍ ግን የሚወድቁ ሕዝቦች ከሰዎች ጋራ ተባብረው ሞርጎት የተባለውን የክፋት ጌታ ይወጋሉ። ማይድሮስ የተባለው የኤልፎች መስፍን ጦሩን ሁሉ አስተባብሮ ከምሥራቅና ከምዕራብ ጠላትን ለመጨፍለቅ ያቅዳል። ዕቅዱ መልካም ነበር። ነገር ግን ከምሥራቅ የመጡት የኡልፋንግ ልጆች ከድተው ከኋላ ወጉአቸው፤ የኤልፎቹ ንጉሥ ፊንጎን ወደቀ፤ ከሰው ወገን የሃዶር ነገድ ወንዶች የጎንዶሊኑ ንጉሥ ቱርጎን እንዲያመልጥ ኋላ ደጀን ሆነው እስከ መጨረሻው ቆሙና አለቁ። ሁኦር በመርዝ በተለወሰ ፍላጻ ዓይኑን ተመትቶ ሞተ፤ ወንድሙ ሁሪን ብቻውን ሲዋጋ ከነሕይወቱ ተማረከ። ጦርነቱም ኒርናኤት አርኖኤዲያድ፥ ማለት «እንባው የማይቆጠር» ተባለ።

ከዚህ በኋላ ነው ሐውልታችን የሚሠራው። ኦርኮች፥ የሞርጎት ጭፍሮች፥ በጌታቸው ትእዛዝ በብዙ ድካም የወደቁትን ሬሳ ሁሉ፥ ጥሩራቸውንና መሣሪያቸውን ጭምር ሰብስበው በምድረ በዳው መካከል ከመሩት። ክምሩም ከሩቅ የሚታይ ኮረብታ አከለ። ኤልፎቹ ሁለት ስም አወጡለት፤ አንዱ ሃውድ-ኤን-ንዴንጊን፥ የታረዱት ጉብታ፥ ሁለተኛው ሃውድ-ኤን-ኒርናኤት፥ የእንባ ጉብታ ማለት ነው። ሞርጎት ባቃጠለው በዚያ በረሓ ሁሉ ላይ፥ በዚህ ጉብታ ብቻ ሣር በቅሎ ረዘመ፥ ለመለመም፤ ከዚያም ወዲያ ከሞርጎት ፍጡራን አንዱ እንኳ ሰይፎቹ ከሥሩ ዝገው በሚያልቁበት በዚያ አፈር ላይ እግሩን አላሳረፈም።

አንባቢ እንደሚያስተውለው፥ ይህን ሐውልት ያቆመው ኀዘንተኛው አይደለም፤ ገዳዩ ነው። እኛ በምናውቃቸው የሐውልት ታሪኮች ድል አድራጊው ለራሱ ድል፥ ተሸናፊው ደግሞ ጊዜ ሲያገኝ ለሙታኑ ያሠራል። ቶልኪን ግን ሁለቱን በአንድ ሥራ ላይ አገናኛቸው። ሞርጎት የፈለገው የድሉን ልክ ከሩቅ የሚያሳይ ምልክት ነበር፤ የራሱ ጭፍሮች በገዛ ጉልበታቸው ያቆሙለት ግን የጠላቶቹን መካነ መቃብር ሆነ፤ በመጨረሻም ሠሪዎቹ ከሠሩት ሥራ ተከለከሉ። ደራሲው «ፈሩ» ወይም «አፈሩ» አይልም፤ ምክንያቱን አልተናገረም፤ ይህም ዝምታው ለእኛ ከማናቸውም ማብራሪያ ይልቅ ደስ አሰኝቶናል። ኀዘንተኞቹ በበኩላቸው ያደረጉት አንድ ነገር ብቻ ነው፤ ስም ማውጣት። ድንጋይ አላነሡም፥ አፈር አላለበሱም። ነገር ግን «የታረዱት» የሚለው ስም የጠላትን ሥራ ሲመሰክር፥ «የእንባ» የሚለው ደግሞ ጉብታውን ከጠላት እጅ ነጥቆ የራሳቸው አደረገው። በአንድ ሥፍራ ላይ ሁለት ስም መኖሩን ብዙ አንባቢ የደራሲው የቋንቋ ፍቅር ነው ብሎ ያልፈው ይሆናል፤ በእርግጥም ቶልኪን ቋንቋ መፍጠር የሚወድ ሰው ነበር፤ በዚህ ሥፍራ ግን ሁለቱ ስሞች ሁለት ሥራ ይሠራሉ።

ስለ ሣሩ በመካከላችን ክርክር ተነሥቷል። ከእኛ አንዳንዶቹ፥ ደራሲው የገዛ ራሱን ጭካኔ መሸከም አቅቶት ቶሎ ብሎ አረንጓዴ መጋረጃ ጋረደበት፤ ያ ሁሉ ሬሳ በሣር ብቻ የሚሸፈን ከሆነ አንባቢ ቶሎ ይጽናናል፤ ቶሎ የመጣ መጽናናትም ሽንገላ ነው አሉ። አንዱማ ማናቸውም ገበሬ ቢጠየቅ ሬሳ የበላ መሬት ሣር ማብቀሉን ያለ ተአምር ይናገራል ብሎ አሳቀን። ሌሎቻችን ደግሞ፥ ሣሩ ከጉብታው ወርዶ አይስፋፋም፤ ዙሪያው ሁሉ ትቢያ እንደ ሆነ ይቀራል፤ ስለዚህ መጽናናት ሳይሆን ልዩነት ነው የሚያሳየው ብለን መለስን። ከዚህም በላይ ያ ሜዳ ቀድሞ አርድ-ጋሌን፥ ማለት አረንጓዴው ሥፍራ ይባል እንደ ነበር፥ በቀደመው የእሳት ጦርነት ተቃጥሎ አንፋውግሊት፥ ትንፋሽ የሚያሳጥር ትቢያ የሚል ስም እንደ ተሰጠው ማስታወስ ይገባል። በጉብታው ላይ የበቀለው እንግዳ ተክል አይደለም፤ ምድሪቱ የቀድሞ መልኳን ያገኘችው በሙታኑ ላይ ብቻ ነው። በዚህ ትርጓሜ ብዙዎቻችን ተስማማን፤ ያ ገበሬውን የጠቀሰው ጓደኛችን ግን እስከ ዛሬ አልተስማማም።

አሁን ወደ ስሙ ጉዳይ እንምጣ። በጉብታው ላይ ጽሕፈት የለም። ኤልፍና ሰው፥ ጌታና ሎሌ፥ ባለ ርስትና መጻተኛ በአንድነት ተከምረዋል። እንደሚታወቀው ከምሥራቅ ከመጡት ሰዎች ሁሉም አልከዱም፤ የቦር ልጆች እስከ ሞት ታምነው ከሃዲዎቹን ገድለው ወደቁ። በሕይወት ቢኖሩ ኖሮ በገጻቸው መልክ ብቻ ከከሃዲዎቹ ጋራ የሚደመሩት እነዚህ ሰዎች፥ በጉብታው ውስጥ ከሌሎቹ የሚለያቸው ነገር የለም። ጠላት ስለ ንቀት የቀላቀለው ቅልቅል፥ ሳያስበው ለታማኞቹ መጻተኞች ፍርድ ሰጠላቸው። እኛ ይህን ከመጽሐፉ ታላላቅ ነገሮች አንዱ አድርገን እንቈጥረዋለን፤ ምንም እንኳ ደራሲው ራሱ በግልጽ ባይናገረውም።

በዚያው መጽሐፍ ውስጥ የዚህ ተቃራኒ የሆነ ሌላ መታሰቢያ አለ። የሁሪን ልጅ ቱሪን በሞተ ጊዜ በብሬቲል ዱር ጉብታ ተደርጎለት፥ ታላቅ ግራጫ ድንጋይ ተጭኖበት፥ ስሙ ተቀረጸበት፤ ከሥሩም የእኅቱ የኒኤኖር ስም ተጻፈ። እርሷ ግን በዚያ የለችም፤ ራሷን ወደ ወንዝ ጥላ ውኃው ወዴት እንደ ወሰዳት አልታወቀም። እንግዲህ በሜዳው ላይ ያለው ሬሳ ያለ ስም፥ በዱሩ ውስጥ ያለው ደግሞ ስም ያለ ሬሳ ነው። ደራሲው ይህን ከየት አመጣው ብለን ስንጠይቅ የዘመኑን ታሪክ ማየት ግድ ይሆንብናል። ቶልኪን በ1916 በፈረንሳይ አገር በሶም ጦርነት ላይ መኮንን ሆኖ ተሰልፎ ነበር። በትምህርት ቤት ከተማማሉት አራት ወዳጆች መካከል ሮበርት ጊልሰን በጦርነቱ የመጀመሪያ ቀን፥ ሐምሌ 1 ቀን 1916፥ ጀፍሪ ስሚዝ በዚያው ዓመት በታኅሣሥ ወር ሞቱ፤ የተረፉት እርሱና ክሪስቶፈር ዋይዝማን ብቻ ናቸው። እርሱ ራሱ በቦይ ትኩሳት ታሞ በኅዳር ወደ እንግሊዝ ተመለሰ፤ ከዚህ ዓለም ታሪኮች የመጀመሪያዎቹን መጻፍ የጀመረውም በዚያ የሕመምና የማገገም ዘመን ነው። (ቀኖቹና ወሮቹ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው።)

የእንግሊዝ መንግሥት በዚያ ጦርነት የሞቱትን ሬሳ ወደ አገር መመለስ ከልክሎ ነበር። ስለዚህ እናት ልጇን ቀብራ አታውቅም፤ መቃብሩ ባሕር ማዶ ነው፤ የብዙዎቹም ሬሳ ጭራሹን አልተገኘም። ኤድዊን ላችንስ የተባለው መሐንዲስ በሶም ሜዳ በቲፕቫል ያሠራውና በ1932 የተመረቀው መታሰቢያ፥ ሬሳቸው ያልታወቀ ከ72,000 በላይ ወታደሮች ስም ተጽፎበታል፤ ስም ያለ ሬሳ ማለት ይህ ነው። ከዚህ ቀደም ብሎ ይኸው መሐንዲስ በ1919 ለሎንዶኑ የሰላም ሰልፍ ከእንጨትና ከኖራ ለጊዜው ብቻ የሚሆን ባዶ መቃብር ሠርቶ ነበር። ሕዝቡ ግን ሰልፉ ካለፈ በኋላ አበባ እያመጣ በሥሩ ስላኖረ ሊያፈርሱት አልተቻለም፤ በ1920 በድንጋይ ተሠራ። መንግሥት ለሰልፍ ያዘጋጀውን ጌጥ ኀዘንተኛው የራሱ ማድረጉን ልብ ይሏል። እኛ ጉብታው የሶም ምሳሌ ነው፥ ሞርጎትም እገሌ ነው ለማለት አንፈልግም፤ ቶልኪን እንዲህ ያለውን አተረጓጐም እንደሚጠላ ራሱ ደጋግሞ ጽፏል። ሆኖም በሌላው መጽሐፉ ያለው የሙታን ረግረግ ከሶም ጦርነት በኋላ ከነበረው የሰሜን ፈረንሳይ ምድር የወረሰው ነገር እንዳለ በደብዳቤ አምኗል። የረግረጉን ያመነ ሰው ስለ ጉብታው ብንጠይቀው ብዙ የሚቈጣን አይመስለንም።

እስከዚህ ድረስ አመስግነናል። አሁን ግን ዋናውን ቅሬታችንን እንናገር። ጉብታው የጋራ ኀዘን ምልክት ከሆነ፥ በጋራ የሚያዝኑት ሰዎች የት አሉ? መጽሐፉን ደጋግመን ብናገላብጥ ወደዚያ ሥፍራ ሄዳ አለቀሰች የተባለችው አንዲት ሴት ናት፤ ሪያን፥ የሁኦር ሚስት። ባሏ ከሞተ በኋላ በዱር ውስጥ ልጇን ቱኦርን ወልዳ፥ ሕፃኑን ለኤልፎች ትታ፥ ብቻዋን ወደ ጉብታው ሄደች፤ በላዩ ተጋድማ ሞተች። ይህ እጅግ የሚያሳዝን ነው፤ ግን የጋራ አይደለም። እርሷ በሺዎች ላይ ተጋድማ የምታለቅሰው ለአንድ ሰው ነው፤ የትኛው አጥንት የእርሱ እንደ ሆነ እንኳ አታውቅም፤ አጠገቧም «እግዜር ያጥናሽ» የሚላት የለም።

በሁሪን ቤትም እንዲሁ ነው። በ2007 በተለየ መጽሐፍ በታተመው «የሁሪን ልጆች» በተባለው ታሪክ፥ ላላይት የተባለችው የሦስት ዓመት ሕፃን በወረርሽኝ ስትሞት አባቷ በገና አንሥቶ የኀዘን ዜማ ሊያወጣ ይሞክራል፤ ቃሉ እምቢ ይለውና በገናውን ይሰብረዋል። እናቲቱ ሞርወን ዝም ትላለች። ወንድምየው ሌሊት ለብቻው ያለቅሳል፤ የእኅቱንም ስም ዳግመኛ በእናቱ ፊት አያነሣም። ሦስት ሰዎች በአንድ ጣራ ሥር ሆነው ሦስት የተለያየ ኀዘን ያዝናሉ። ይህን ያነበበ የአገራችን ሰው መጀመሪያ የሚጠይቀው «ጎረቤት አልነበራቸውም ወይ?» ብሎ ነው። ሙሾ አውራጅ ብትኖር ኖሮ ሁሪን በገናውን ባልሰበረም ነበር፤ የሙሾ አውራጅ ሥራዋ ይኸው ነውና፥ ቃል እምቢ ላለው ሰው ቃል ማዋጣት። በእኛ ዘንድ ሬሳው በሩቅ አገር የቀረ እንደ ሆነ እንኳ ለቅሶው አይቀርም፤ ያለ ሬሳ መርዶ ይነገራል፥ ድንኳን ይተከላል፥ እዝን ይመጣል። በቀድሞ ዘመንም የታላቅ ሰው ለቅሶ ሲሆን ፈረሱ ተጭኖ፥ ጋሻውና ልብሱ ወጥቶ በሕዝቡ ፊት ይታይ ነበር። በቶልኪን ጉብታ ውስጥም ጥሩርና ሰይፍ አለ፤ ያወጣው ግን ወዳጅ አይደለም፤ የሚያየውም የለም።

ከዩኒቨርሲቲው በር ፊት ለፊት በስድስት ኪሎ የቆመውን የየካቲት 12 ሰማዕታት ሐውልት በየቀኑ የምናይ ስለ ሆነ ይህን ጉድለት ችላ ብለን ለማለፍ አልቻልንም። የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. በግራዚያኒ ላይ ቦምብ የተወረወረው ዛሬ ተማሪዎች በሚመላለሱበት በዚያው የገነተ ልዑል ግቢ ነው። ከዚያ በኋላ በሦስት ቀን ውስጥ ስለ ተጨፈጨፈው የአዲስ አበባ ሕዝብ የኢትዮጵያ መንግሥት ያቀረበው ቍጥር 30,000 ነው። ያን ጊዜም ሬሳውን የሰበሰበውና በየጉድጓዱ የጣለው፥ ያቃጠለውም ገዳዩ ነበር። የዛሬው ሐውልት ግን የተሠራው ከነጻነት በኋላ ነው፤ ቀራጮቹ አንቱን አውጉስቲንቺችና ፍራኖ ክርሺኒች የተባሉ የዩጎዝላቪያ ሰዎች ናቸው፤ በነሐስ በተሠሩት ምስሎች ላይ ግድያው ብቻ ሳይሆን ለቅሶውም ተቀርጿል። ቀራጮቹ የባዕድ አገር ሰዎች ሆነው ሳለ አልቃሾቹን ከሐውልቱ አልለዩአቸውም። በየዓመቱም በዕለቱ አርበኞችና ሕዝቡ ተሰብስበው የአበባ ጕንጕን ያኖራሉ። በሥነ ጥበብ ረገድ ከቶልኪን ጉብታ ይበልጣል ያነሰ አይደለም የሚል ንጽጽር ውስጥ አንገባም፤ አንዱ ድንጋይ ሌላው ቃል ነው። የምንለው ያኛው ያጣውን ይህኛው አግኝቷል ነው።

ለደራሲው ሊከራከርለት የሚወድ ሰው፥ የጉብታው አልቃሾች ያልመጡት ሁሉም ስለ ተማረኩ፥ ስለ ተበተኑ፥ ወይም በባርነት ስለ ተያዙ ነው፤ ይህም የመከራው ልክ ነው ሊለን ይችላል። ክርክሩ ጠንካራ ነው፤ እኛም ግማሹን ተቀብለናል። ከዚህ የተነሣ አንድ ሌላ ሥፍራ መጥቀስ ይገባናል። ሁሪን ከብዙ ዘመን እስራት በኋላ ተፈትቶ ወደ ልጆቹ ድንጋይ ሲደርስ ሚስቱን ሞርወንን ከድንጋዩ ሥር ተቀምጣ ያገኛታል። ብዙ አይነጋገሩም። ፀሐይ ስትገባ እጁን እንደ ያዘች ትሞታለች፤ እርሱም በዚያው ይቀብራትና ስሟን በድንጋዩ ላይ ይጨምራል። በዚያ በሰፊ መጽሐፍ ውስጥ ሁለት ሰዎች በአንድ መቃብር አጠገብ አብረው ሲያዝኑ በግልጽ ያየነው እዚህ ነው፤ ላላይት በሞተች ጊዜ ያልሆነላቸው በዚህ ሆነላቸው። ስለ ጉብታው የጻፈው ይኸው እጅ እንዲህ መጻፍ መቻሉን ስላየን ነው ቅሬታችን የበረታው።

የሁለቱ መታሰቢያዎች ፍጻሜም አላስደሰተንም። በመጨረሻው ጦርነት ምድሪቱ ተሰባብራ ቤሌሪያንድ በባሕር ትዋጣለች። ስለ ዕድለ ቢሶቹ ድንጋይ ግሊርሁይን የተባለ የብሬቲል ባለ በገና ባሕር እንኳ አይጥለውም ብሎ አስቀድሞ ዘምሮለት ነበር፤ እንደ ቃሉም ሆነ፤ ቦታው ቶል ሞርወን የምትባል ደሴት ሆና ከአዲሱ ጠረፍ ማዶ ብቻዋን ቀረች። አንድ ቤተ ሰብ፥ ሦስት ስም፥ አንድ ዘፈን፥ አንዲት ደሴት። ሺዎቹ የተከመሩበት፥ ሣር የበቀለበት፥ የቦር ልጆች ያሉበት ጉብታ ግን ባለ በገና አልተሰጠውም፤ ውኃው በመጣ ጊዜ ምን እንደ ሆነ ደራሲው አንድ መሥመር እንኳ አልጻፈለትም።